አራት፣ ሁለት፣ ሦስት፣ አራት

ፈረስ ሲያልፍ ዓይንን ጨፍኖ ማዳመጥ ከማየት ይሻላል። ዓይን አራት እግር በአንድ ጊዜ ልከተል ሲል ይደናበራል፤ ጆሮ ግን ይቆጥራል። ኮቴው እኩል እኩል ተራርቆ አራት ጊዜ ከተሰማ ፈረሱ እየተራመደ ነው። ሁለት ሴቶች ተራ በተራ እንደሚወቅጡት ሙቀጫ ሁለት፣ ሁለት፣ ሁለት ካለ ሶምሶማ ነው። ሦስት መትቶ ለአፍታ ዝም ካለ ደንገላሳ ነው። ተጣድፎ አራት ከመታና ዝም ካለ ደግሞ ሽምጥ ግልቢያ ነው።

ቃላቱ በአማርኛ ሞልተዋል፤ እኛ ነን «ሮጠ» በሚል አንድ ቃል የጠቀለልናቸው። ሶምሶማ ዛሬ የአትሌቶች ልምምድ መጠሪያ ሆኗል። ሰጋር፣ ማለትም ሳይወረውር ፈጥኖ የሚራመደው፣ ከግጥምና ከዘፈን ውጭ እምብዛም አይሰማም። ደንገላሳን ለማንኛውም የፈረስ ሩጫ የሚያውሉት አሉ፤ እዚህ ግን ባለ ሦስት ምቱን አካሄድ ብቻ ደንገላሳ እላለሁ፣ አለዚያ ነገሩ ይምታታል።

«ፈረስ በሰዓት ስንት ኪሎ ሜትር ይሄዳል?» የሚል ሰው የሚጠብቀው አንድ ቁጥር ነው። በየትኛው አካሄድ? እርምጃ ከሆነ ከ6 እስከ 7። ሶምሶማ ከሆነ 13 አካባቢ፣ ሲፋጠንም እስከ 19። ደንገላሳ ከ16 እስከ 27። ግልቢያ ለተራ ፈረስ ከ40 እስከ 48፣ ለውድድር ለተወለደው 60 እና ከዚያ በላይ። ቀነኒሳ በቀለ እ.ኤ.አ. በ2005 ብራስልስ ላይ 10 ሺህ ሜትርን በ26 ደቂቃ ከ17.53 ሰከንድ ሲጨርስ አማካይ ፍጥነቱ በሰዓት 22.8 ኪሎ ሜትር ነበር። ከጎኑ ፈረስ ቢኖር ኖሮ ያ ፈረስ ደንገላሳ ላይ ነው፤ ሽምጥ መጋለብ አያስፈልገውም፣ በሶምሶማ ልቅረብ ቢል ግን አብዛኛው ፈረስ ይቸገራል።

እነዚህ ቁጥሮች እንደ ሕግ መወሰድ የለባቸውም። በአሜሪካ ቀላል ጋሪ እየጎተቱ በሶምሶማ ብቻ የሚወዳደሩ ፈረሶች አሉ፤ ወደ ግልቢያ የለወጠ ቦታውን ይለቃል። ሆሚሳይድ ሀንተር የተባለው ፈረስ እ.ኤ.አ. በ2018 አንድ ማይል፣ ማለትም 1,609 ሜትር፣ በ1 ደቂቃ ከ48.8 ሰከንድ ሄዷል። በሰዓት 53 ኪሎ ሜትር መሆኑ ነው፣ ያውም በሁለት ምት። ተራው ፈረስ ሽምጥ ጋልቦ አይደርስበትም። ስለዚህ አካሄድ ማለት የፍጥነት መጠን ሳይሆን እግሮች መሬት የሚነኩበት ቅደም ተከተል ነው። ፍጥነት የሚመጣው ከዚያ በኋላ ነው።

ከእርምጃው ልጀምር። ቅደም ተከተሉ የኋላ ግራ፣ የፊት ግራ፣ የኋላ ቀኝ፣ የፊት ቀኝ ነው። ሁልጊዜ ሁለት ወይም ሦስት እግር መሬት ላይ ነው፤ ፈረሱ አየር ላይ የሚሆንበት ቅጽበት የለም። አንገቱ በየእርምጃው ዝቅ ከፍ ይላል፣ ይህም ሚዛኑ ነው። ዛቡን፣ ማለትም የልጓሙን መያዣ ገመድ፣ አሳጥሮ የያዘ ጋላቢ ይህን እንቅስቃሴ ይቆልፈዋል፤ ያኔ የአንድ ጎን ሁለት እግሮች አብረው መነሳት ይጀምሩና አራቱ ምት ወደ ሁለት ይጠጋል። የተጨነቀ ፈረስ ምልክት ነው። ፈረስ የሚገዛ ሰው ከሁሉ በፊት እርምጃውን ቢያይ ጥሩ ነው፦ የኋላ ኮቴ የፊተኛው በተወው ዱካ ላይ ካረፈ ወይም አልፎት ከሄደ ጀርባውና ዳሌው ነፃ ናቸው። በደንብ የማይራመድ ፈረስ በሶምሶማ ሊያምር ይችላል፤ ሰው የሚሸወደውም እዚያ ላይ ነው።

ሶምሶማ ላይ እግሮቹ በሰያፍ ይጣመራሉ፦ የኋላ ግራ ከፊት ቀኝ፣ የኋላ ቀኝ ከፊት ግራ። በሁለቱ ጥምረቶች መካከል አራቱም እግር ከመሬት የሚነሳበት አጭር ቅጽበት አለ፤ ኮርቻ ላይ የተቀመጠውን ሰው ወደ ላይ የሚወረውረውም ይኸው ነው። ለዚህ መድኃኒቱ በአንዱ ምት ከኮርቻ መነሳት፣ በሌላው መቀመጥ ነው። ክብ ሜዳ ላይ የውጭው ጎን የፊት እግር ወደፊት ሲወረወር መነሳት፣ መሬት ሲረግጥ መቀመጥ፤ የውስጡ የኋላ እግር ወደፊት በሚወረወርበት ሰዓት ጀርባው ይቀልለታል። ቀጥ ባለ ረጅም መንገድ ላይ ደግሞ በየጊዜው አንድ ምት ተጨማሪ ተቀምጦ ጎን መቀየር ያስፈልጋል። ያንን የማያደርግ ሰው ፈረሱን በአንድ ጎን ብቻ ያደክመዋል፤ ከወራት በኋላ «ወደ ግራ መዞር እምቢ አለኝ» ሲል ምክንያቱን ከልጓሙ ይፈልጋል።

የሶምሶማ ትልቁ ጥቅም ግን ለጋላቢው ሳይሆን ለሐኪሙ ነው። በዚህ አካሄድ ጭንቅላት ዝቅ ከፍ ማለቱን ያቆማል፣ ሁለቱም ወገን እኩል ይጫናል፤ ስለዚህ የሚያነክስ ፈረስ መደበቂያ ያጣል። አሠራሩ እንዲህ ነው። ጠንካራና ደልዳላ መሬት ይመረጣል፣ 30 ሜትር ያህል ይበቃል። ፈረሱን የሚስበው ሰው ገመዱን ልል አድርጎ ይይዛል፤ ጭንቅላቱ አጠገብ አጥብቆ ከያዘው ምርመራው ከንቱ ነው፣ የሚታየው ነገር ታስሯልና። ፈረሱ በዝግታ ሶምሶማ ይሄዳል፣ ይመለሳል። የፊት እግር ከታመመ፣ የታመመው መሬት ሲረግጥ ጭንቅላቱ ወደ ላይ ይነሳል፣ ጤነኛው ሲረግጥ ዝቅ ይላል። ብዙ ሰው ይህን ይገለብጠዋል፤ ጭንቅላቱ ሲያጎነብስ ያየበትን እግር በሽተኛ ብሎ ጤነኛውን ኮቴ ሲፈትሽ ይውላል። የኋላ እግር ከሆነ ከበስተጀርባ ቆሞ ሁለቱን ዳሌ ማየት ነው፤ በታመመው በኩል ያለው ዳሌ ከሌላው ይልቅ ሰፋ አድርጎ ዝቅ ከፍ ይላል። ፈጥኖ ማስሮጥ አይጠቅምም፣ ጥቃቅኑን ማንከስ ፍጥነት ይሸፍነዋል።

ደንገላሳ ከዚህ ይለያል፤ ግራና ቀኝ እኩል ያልሆኑበት አካሄድ ነው። የቀኝ መሪ የሚባለውን እንውሰድ፦ መጀመሪያ የኋላ ግራ ይረግጣል፣ ከዚያ የኋላ ቀኝና የፊት ግራ አብረው፣ በመጨረሻ የፊት ቀኝ ብቻውን ወደፊት ተዘርግቶ ያርፋል። ከዚያ ሰውነቱ ሁሉ አየር ላይ። ያ መጨረሻ የሚያርፈው የፊት እግር መሪው ነው። ወደ ቀኝ የሚዞር ፈረስ የቀኝ መሪ ይዞ ከሆነ ሚዛኑ ይጠበቃል፤ የግራ መሪ ይዞ ከሆነ ትከሻው ወደ ውስጥ ይወድቃል፣ በጠባብ ዙሪያ ላይ እግሩን ሊያደናቅፍ ይችላል።

ትክክለኛውን መሪ ለማስያዝ አመቺው ቦታ ጥግ ነው። ፈረሱ በጥሩ ሶምሶማ ወደ ጥጉ ይገባል፤ የጋላቢው የውስጥ እግር ኮርቻውን በሆድ ሥር የሚያስረው ጠፍር አጠገብ ይቆያል፣ የውጩ እግር አንድ ስንዝር ያህል ወደኋላ ሄዶ ይጫናል። ለምን የውጩ? ደንገላሳ የሚጀምረው ከውጭው የኋላ እግር ስለሆነ፣ መጥራት ያለበት እሱ ነው። ሶምሶማውን እያፋጠኑ «ራሱ ይለውጣል» ብሎ መጠበቅ የተለመደ ስሕተት ነው፤ ፈረሱ ይንደረደርና ሚዛኑን ሲያጣ በየትኛውም መሪ ተወርውሮ ይገባል።

ሌሎች ሁለት ብልሽቶችም አሉ። አንደኛው የፊት እግሮች በአንድ መሪ፣ የኋላዎቹ በሌላ ሲሄዱ ነው፤ ኮርቻው ላይ ያለው ሰው እንደ መወዛወዝ ሳይሆን እንደ መናወጥ ይሰማዋል። ያኔ ወደ ሶምሶማ መልሶ እንደገና መጠየቅ እንጂ በዚያው መቀጠል ጀርባውን ይጎዳዋል። ሁለተኛው የፈረሱ ሳይሆን የእጃችን ጥፋት ነው፦ ከኋላ ግፊት ሳይኖር ዛብ በመሳብ ብቻ ደንገላሳው ሲዘገይ፣ አብረው ማረፍ የነበረባቸው ሁለት እግሮች ይለያያሉ። ጆሮ አራት ምት ይሰማል። ይህ አራት ግን የግልቢያው አራት አይደለም፤ የደከመ፣ የሚጎተት አራት ነው። በአገራችን የተለመደው ባለ ቀለበት ልጓም የታችኛውን መንጋጋ ስለሚጨብጥ ይህ ስሕተት በቶሎ ይከሰታል፤ ለሱ ጣት ማጠፍ ይበቃል፣ ክንድ አያስፈልግም።

ወደ ግልቢያ ስንመጣ ያ በሰያፍ የተጣመረው ሁለቱ እግር በፍጥነቱ ብዛት ይፈታል። የኋላ፣ የኋላ፣ የፊት፣ የፊት፣ ከዚያ አየር። ሰዎች ለዘመናት ይህን ቅጽበት በተሳሳተ መንገድ ነው የሣሉት፦ የፊት እግሮች ወደፊት፣ የኋላዎቹ ወደኋላ ተዘርግተው፣ ሆድ መሬት ሊነካ ምንም ሳይቀረው። እ.ኤ.አ. በሰኔ 1878 ካሊፎርኒያ ፓሎ አልቶ ላይ ኤድዋርድ ማይብሪጅ የሀብታሙን የሊላንድ ስታንፎርድን ፈረሶች በ12 ካሜራ ሲያነሳ እውነቱ ታየ። ካሜራዎቹ በ69 ሴንቲ ሜትር ያህል ልዩነት ተደርድረው ነበር። ሳሊ ጋርድነር የተባለችው ባዝራ ስትጋልብ አራቱም እግሮቿ ከመሬት የሚለቁት ሲዘረጉ ሳይሆን ሆዷ ሥር ሲሰበሰቡ ሆኖ ተገኘ። ሠዓሊዎቹ መብረሯን አልሳቱም፤ የሳቱት መቼ እንደምትበር ነው።

የግልቢያ ፍጥነት ሒሳቡ ቀላል ነው፦ የእርምጃ ርዝመት ሲባዛ በሰከንድ ውስጥ ያለው የእርምጃ ብዛት። የውድድር ፈረስ አንድ ሙሉ ዙር እግር ሲያደርግ 7 ሜትር ያህል ይሸፍናል፣ በሰከንድ 2.3 ጊዜ ያህል። ውጤቱ በሰዓት 58 ኪሎ ሜትር ነው። ሴክሬታሪያት የተባለው ፈረስ እ.ኤ.አ. በ1973 ኒው ዮርክ ቤልሞንት ላይ 2,414 ሜትሩን በ2 ደቂቃ ከ24 ሰከንድ ሲጨርስ አማካዩ ከ60 ትንሽ ይበልጥ ነበር። በድንቃድንቅ መዝገብ የተያዘው የአጭር ርቀት ክብረ ወሰን ዊኒንግ ብሩ የተባለችው ባዝራ ነው፤ እ.ኤ.አ. በ2008 ፔንሲልቬኒያ ውስጥ በ402 ሜትር 70.76 ኪሎ ሜትር በሰዓት። የሁለት ዓመት ልጅ ነበረች። ሁለት ዓመት! አጥንቷ ገና ያልጠና እንስሳ ላይ እንዲህ ያለ ፍጥነት መጠየቅ ለኔ የሚያስደስት ነገር አይደለም፣ ቁጥሩ ግን ቁጥር ነው።

እግሩን ከሚገድበው በላይ ፈረስን የሚገድበው ትንፋሹ ነው። ፈረስ በአፉ መተንፈስ አይችልም፣ በአፍንጫው ብቻ ነው። ደንገላሳና ግልቢያ ላይ ደግሞ አንድ እርምጃ አንድ ትንፋሽ ነው፤ አየር ላይ ሲሆን ያስገባል፣ የፊት እግሮቹ መሬት ሲይዙ ሆድ ዕቃው ወደፊት ሳንባውን ይገፋና ያስወጣል። በሰከንድ 2.3 እርምጃ ማለት በደቂቃ 140 ትንፋሽ አካባቢ ማለት ነው፤ በሰከንድ እኩል እርምጃ የሚያደርጉ ሁለት ፈረሶች እኩል ይተነፍሳሉ። ስለዚህ ግልቢያ ላይ ያለ ፈረስ ቆም ብሎ በጥልቀት ልተንፍስ ማለት አይችልም፤ ለመተንፈስ መርገጥ አለበት። የአፍንጫ ማሰሪያው ወርዶ አጥንት ከሌለበት ለስላሳ ሥጋ ላይ ካረፈ ቀዳዳውን ያጠባል፣ ፈረሱም «ሰነፍ» ይባላል። ማሰሪያው ከጉንጭ አጥንት ጫፍ ሁለት ጣት ዝቅ ብሎ አጥንቱ ላይ ሲቀመጥ ነው ቦታውን የያዘው።

ልቡም የዚያኑ ያህል ይሠራል፤ በእረፍት በደቂቃ ከ30 እስከ 40 የሚመታው ግልቢያ ላይ ከ220 በላይ ይደርሳል። ጣፊያው ያከማቸውን ቀይ የደም ሕዋስ ጨምቆ ወደ ሥር ይለቃል፣ ደሙ ይወፍራል፣ ኦክስጅን የመሸከም አቅሙ ይጨምራል። ይህ ሁሉ ጊዜ ይፈልጋል፤ የመጀመሪያዎቹ ከ10 እስከ 15 ደቂቃዎች የእርምጃ መሆን ያለባቸው ለዚህ ነው። ከባሕር ጠለል 2,500 ሜትር ያህል ከፍ በሚሉ አገሮች የአየሩ ግፊት የባሕር ጠረፉ ሦስት አራተኛ ብቻ ስለሆነ፣ ከቆላ የመጣ ፈረስ ላይ ጥድፊያው የበለጠ ይጎዳል።

የአገው ፈረሰኞች በዓል በየዓመቱ ጥር 23 እንጅባራ ላይ ሲከበር እንደሚታየው ያለ ትልቅ ቀን ሲመጣ አንድ አደጋ አብሮ ይመጣል። ፈረሱ ለበዓሉ እንዲያምር ለቀናት ቆሞ ገብስ ይበላል፣ በዕለቱ ሳይሟሟቅ ይጋለባል። ጡንቻው ውስጥ የተከማቸው ጉልበት በአንዴ ሲነድ የኋላ ጡንቻዎቹ እንደ እንጨት ይደርቃሉ፣ ያልበዋል፣ መራመድ እምቢ ይላል፣ ሽንቱ ቡና ይመስላል። እንዲህ ሲሆን «ይፍታታ» ብሎ ማራመድ ይገድለዋል፤ ባለበት ማቆም፣ ውሃ መስጠት፣ ሐኪም መጥራት ነው። መከላከያው ቀላል ነው፦ ሥራ በሌለበት ቀን ገብሱን መቀነስ፣ ድርቆሹን አለመቀነስ፣ በየቀኑም ማንቀሳቀስ።

ሌላው የግልቢያ ዋጋ ጅማት ነው። ከፊት ጉልበት በታች ፈረስ ጡንቻ የለውም፤ አጥንትና ጅማት ብቻ ነው፣ ጅማቱም እንደ ላስቲክ ተለጥጦ ይመልሰዋል። ሽምጥ ላይ በአንድ የፊት እግር ላይ የሚያርፈው ጫና የሰውነቱን ክብደት ሁለት ተኩል ጊዜ ያህል ነው፤ 400 ኪሎ የሚመዝን ፈረስ አንድ ቶን ይረግጣል። የጅማቱ እምብርትም እስከ 45 ዲግሪ ሴንቲግሬድ ይግላል። በማግስቱ የሁለቱን እግር ጅማት በእጅ ዳብሶ ሙቀታቸውን ማነጻጸር የአንድ ደቂቃ ሥራ ነው፤ አንዱ ከሌላው ከሞቀ ለሳምንታት ግልቢያ የለም።

ፈረስ ራሱ ከአንዱ አካሄድ ወደ ሌላው መቼ እንደሚለውጥ መጠናቱ ደስ ይለኛል። ሆይትና ቴይለር የተባሉ ተመራማሪዎች እ.ኤ.አ. በ1981 ትንንሽ ፈረሶችን በሚሽከረከር መሮጫ ላይ አስኪደው የሚወስዱትን ኦክስጅን ለኩ። እያንዳንዱ አካሄድ ጉልበት የሚቆጥብበት የራሱ ፍጥነት እንዳለው፣ ፈረሶቹም በነፃነት ሲለቀቁ በዚያው ፍጥነት እንደሚሄዱ ታየ። መሐል ላይ ያሉትን ፍጥነቶች ይሸሻሉ። መኪናን በማይሆን ማርሽ እንደ መንዳት ነው፦ ከእርምጃ የፈጠነ፣ ለሶምሶማ የዘገየ ጉዞ ፈረሱን በከንቱ ይጨርሰዋል። ትልልቅና ትንንሽ ፈረሶች አብረው ሲጓዙ ትንሹ የሚደክመው በዚህ ነው፤ የትልቁ ምቹ እርምጃ ለሱ የማይሆን ማርሽ ነው። እ.ኤ.አ. በ1991 ፋርሊና ቴይለር ደግሞ ክብደት ሲጫንባቸው ፈረሶቹ ከሶምሶማ ወደ ግልቢያ የሚለውጡት በዝቅተኛ ፍጥነት መሆኑን አሳዩ፤ ለውጡን የሚቆሰቁሰው በአጥንትና በጅማት ላይ ያለው ጫና ነውና። ከባድ ጭነት ይዞ ሳይታዘዝ ወደ ደንገላሳ የሚገባ የጋሪ ፈረስ «ጉልበት ተርፎት» የሚመስለው ባለጋሪ ይህን ቢያውቅ ጥሩ ነበር።

ሰጋሩ ቀረ። ሰጋር ማለት የእርምጃን ቅደም ተከተል ሳይቀይር የሚፈጥን ነው፦ አራት ምት፣ በአንድ ጎን ተከታትሎ፣ ሁልጊዜ ቢያንስ አንድ እግር መሬት ላይ። አየር ላይ የሚሆንበት ቅጽበት ስለሌለ ኮርቻው አይወረውርም። ሰጋር በቅሎ ለመኳንንትና ለካህናት መጓጓዣ የነበረችው ለዚህ ነው። ቴዎድሮስን አባ ታጠቅ፣ ምኒልክን አባ ዳኘው ያሰኛቸው ፈረስ ነው፤ ቀኑን ሙሉ ሲጓዙ የሚቀመጡት ግን በቅሎ ላይ ነበር፣ ፈረሱ ተስቦ ይከተላል። «ፈረስ ያደርሳል እንጂ አይዋጋም» ይባላል፤ እስከዚያ ያለውን ረጅሙን መንገድ ግን የምታደርሰው በቅሎዋ ነበረች። የጥንቱ እርካብ የእግር አውራ ጣት ብቻ የሚገባበት ትንሽ ቀለበት መሆኑን ላሰበ፣ በሶምሶማ መነሳትና መቀመጥ በሱ ምን ያህል እንደሚያስቸግር ግልጽ ነው፤ የአሰጋገር ፍቅር ከፊሉ ከዚያ የመጣ ይመስለኛል።

በፈረስ ላይ ይህ ችሎታ በከፊል የደም ነው። እ.ኤ.አ. በ2012 የስዊድን ተመራማሪዎች ዲኤምአርቲ 3 በሚባል ዘረ መል ላይ ያለ አንድ ለውጥ የአይስላንድ ፈረሶችን ሰጋር እንደሚያደርግ አሳተሙ፤ በሌሎች ሰጋር ዝርያዎችም ተገኝቷል። ይኸው ለውጥ ፈረሱ ወደ ግልቢያ መሸጋገሩን ያከብድበታል፣ ስለዚህ ለሶምሶማ ውድድር የሚረቡትም ይፈልጉታል። ሰጋርን በአንድ ጎን ያሉ ሁለት እግሮቹን አብሮ ከሚያነሳው ፈረስ ጋር ማምታታት የለብንም። ያኛው ሁለት ምት ነው፣ ግራና ቀኝ ያወዛውዛል፣ ፍጥነቱ ግን አስደናቂ ነው፦ ቡልዶግ ሀኖቨር የተባለው ፈረስ እ.ኤ.አ. በ2022 አንድ ማይል በ1 ደቂቃ ከ45.8 ሰከንድ ሄዷል፣ ከሶምሶማው ፈረስ ከሆሚሳይድ ሀንተር በሦስት ሰከንድ ፈጥኖ። በእንዲህ ያለው ውድድር አብዛኞቹ ፈረሶች የአንድ ጎን የፊትና የኋላ እግራቸው አካሄዱን እንዳይለቅ በማሰሪያ ይያያዛል።

የራሱን ፈረስ ፍጥነት ማወቅ የሚፈልግ ሰው ስልክና ሳተላይት አያስፈልገውም። ደልዳላ ሜዳ ላይ 100 ሜትር ለክቶ ሁለት ድንጋይ ያስቀምጣል። ከመጀመሪያው ድንጋይ 30 ሜትር ቀደም ብሎ አካሄዱን ያስይዛል፣ ምክንያቱም ከቆመበት የተነሳ ፈረስ ሰዓቱን ያበላሸዋል። 55 ሰከንድ የፈጀ በሰዓት 6.5 ኪሎ ሜትር ይራመዳል፣ 28 ሰከንድ የ13 ኪሎ ሜትር ሶምሶማ ነው፣ 18 ሰከንድ የ20 ደንገላሳ፣ 9 ሰከንድ የ40 ግልቢያ። በዚያው የፊት ግራ ኮቴ ስንት ጊዜ እንዳረፈ ከተቆጠረ፣ 100ን ለዚያ ቁጥር ማካፈል የእርምጃውን ርዝመት ይሰጣል። በሁለቱም አቅጣጫ ይሂድ፣ ነፋስና ዘንበል ያለ መሬት ያታልላሉ። ፍጥነቱ ሳይቀንስ የእርምጃው ርዝመት ከባለፈው ወር ያጠረ ከሆነ ፈረሱ አንድ ቦታ እያመመው፣ ጎደሎውን በብዛት እየሞላ ነው፤ ያኔ ወደዚያ 30 ሜትር ጠንካራ መሬት መመለስና ገመዱን ልል አድርጎ መሳብ ነው።